የስመኘው መመሪያ

ስመኘው አልሰረቀም፤ ቃል ብቻ ነው የለወጠው። ራሱን የሚያጽናናው እንዲህ እያለ ነበር።

ፍኖተ ሰላም ላይ ዋና ቢሮው ባለው የደጋ ምርት ገበሬዎች ኅብረት ውስጥ የቴክኖሎጂ ክፍል ተጠባባቂ ኃላፊ ነው። ተጠባባቂ ከተባለ ከርሟል። ወንበሩ ላይ ይቀመጣል፣ ማኅተሙን ይይዛል፣ ማዕረጉ ግን አልጸደቀለትም። ሰው ሁሉ «ተጠባባቂው» ይለዋል። ሚስቱ ንግሥቴም ሲብስባት በዚሁ ስም ነው የምትጠራው።

አንድ ቀን ሥራ አስኪያጁ አቶ ክንዱ ሠራተኛውን ሰበሰቡ። ገበሬው የሚፈልገውን ማዳበሪያ ሠራተኞች የሚመዘግቡበት ታብሌት አዲስ ፕሮግራም መጥቶለታል።

«ሰው አንብቦ የሚገባው የአፕዴት መመሪያ ጻፉልኝ» አሉ። «ደህና አድርጎ የጻፈውን የክፍሉ ኃላፊ አደርገዋለሁ።»

ዓይን ሁሉ ወደ ስመኘው ዞረ። ትንሽ ቆይቶ ደግሞ ወደ እናትነሽ ዞረ። እናትነሽ የቡሬ ቅርንጫፍ ባለሙያ ናት፤ ልጅ እግር፣ ሥራ የማይከብዳት።

ቅዳሜ ዕለት እናትነሽ የጻፈችውን በቴሌግራም ላከችለት። «ጋሼ ስመኘው፣ ረቂቅ ነው። ገና አልሞከርኩትም፤ እስኪ በእርስዎ ዓይን ይዩልኝ።»

አየላት። ወደደውም። ከመውደዱ ብዛት ወደ ባለቤቱ እንዲመለስ አልፈለገም።

እሑድ ከምሳ በኋላ ላፕቶፑን ከፍቶ ተቀመጠ። ቅደም ተከተሉ እንዳለ ይቆያል፣ ቃሉ ብቻ ይለወጣል። «ጠብቅ» የሚለውን «ታገሥ» አለው። «አሮጌውን አስወግድ» የሚለውን «ያረጀውን አንሣ» አለው። «አዲሱን ጫን» የሚለውን «ሐዲሱን አስገባ» አለና ቄስ ትምህርት ቤት የገባበት ቀን ትዝ ብሎት ፈገግ አለ።

ንግሥቴ አጠገቡ ዛላ በርበሬ ትቀነጥባለች።

«‹ተጫን›ን በምን ልተካው?» አላት።

«ደቁስ በለዋ።»

«አታሹፊ!»

«ኢንተርኔትንስ ምን አልከው?»

«መረብ።»

«መረቡን ደቁስ!» አለች ቀና ሳትል። «የሽንዲ ገበሬ ዓሣ አስጋሪ ሆነልህ። የጻፈችው ልጅ ያወቀች ዕለት ግን ምን ይውጥሃል?»

«ምኑን ታውቀዋለች? ከቃሏ አንድም አላስተረፍኩላት።»

ሰኞ ስሙን ከላይ በደማቁ ጽፎ አቀረበ። አቶ ክንዱ ቆመው አነበቡት። «ይኸ ነው መመሪያ ማለት!» አሉና የዚያኑ ዕለት ለየቅርንጫፉ አስበተኑት።

በማግስቱ እናትነሽ መደወል ጀመረች። ስመኘው ስልኩን ደፋው። ደግማ ደወለች። ከደወሉ በኋላ መልእክት ላከች፤ ሳይከፍት አለፈው።

«ነቃች» አለ በልቡ። «ትጩኻ!»

ሐሙስ አመሻሽ ላይ ደግሞ አቶ ክንዱ ደወሉ። ድምፃቸው ደርቋል። «ነገ ጠዋት ቢሮዬ እንድትገኝ። እናትነሽንም ከቡሬ ጠርቻታለሁ። መመሪያው የማን እንደሆነ በግልጽ መታወቅ አለበት።»

ከሳኛለች ማለት ነው፣ ሲል አሰበ። ይሁን፤ ከተረታች ሹመቱ በዚያው ይጸድቃል። ጠዋት ሱፉን አስተኩሶ ለበሰ።

«ለሠርግ ነው ለፍርድ?» አለችው ንግሥቴ።

«ለሹመት!»

የኅብረቱ ግቢ በገበሬ ተሞልቷል፤ ሁሉም ጋቢውን አጣፍቶ ዱላውን ተደግፎ ቆሟል። ጠቅላላ ጉባኤ አለ እንዴ? ስመኘው ከወዲሁ እንደ ኃላፊ ጎንበስ እያለ «እንዴት አደራችሁ!» እያለ አለፈ። እግዚአብሔር ይመስገን ያለው ጥቂት ነው።

ቢሮ ሲገባ አቶ ክንዱ ተቀመጥ አላሉትም። እናትነሽ ጥግ ይዛለች፤ ዓይኗ እንቅልፍ ያጣ ሰው ዓይን ነው።

«ጋሼ፣ ስደውልልዎ ሰነበትኩ እኮ» አለች ቀስ ብላ።

«ሥራ ላይ ነበርኩ።»

አቶ ክንዱ መመሪያውን ጠረጴዛው ላይ አኖሩት። «ስምህ አለበት። የጻፍከው አንተ ነህ?»

«እኔ ነኝ።»

እናትነሽ ተነሣች። «አቶ ክንዱ፣ እውነቱን ልናገር። ነገሩ መጀመሪያ የወጣው ከእኔ ነው። ጋሼ ስመኘው ያደረጉት—»

«ኧረ አንቺ ልጅ፣ እግዜርን ፍሪ!» ስመኘው ጠረጴዛውን መታው። «እስኪ ከዚህ ውስጥ የአንቺ የሆነ አንድ ዓረፍተ ነገር አውጪ! ‹መረብ› ብለሻል? ‹ታገሥ› ብለሻል? የሰው ላብ አይጣፍጥም!»

«ይስሙኝማ ጋሼ፣ ለእርስዎ ብዬ እኮ ነው።»

«ለእኔ ብላ ሞታለች! አቶ ክንዱ፣ ከመጀመሪያው ተራ እስከ መጨረሻው የእኔ የብቻዬ ሥራ ነው። ማንም እጁን አላስገባበትም። ልጆቼን ይንሣኝ!»

አቶ ክንዱ ወደ እናትነሽ ዞሩ። «አንቺስ ምን ትያለሽ?»

እናትነሽ ስመኘውን ትክ ብላ አየችው። ነጠላዋን ሰብሰብ አደረገችና ተቀመጠች።

«እንግዲህ እሳቸው ካሉ የእሳቸው ነው።»

የስመኘው ደረት ተነፋ። ተጠባባቂነት አበቃ!

«እንግዲያው ውጣና» አሉ አቶ ክንዱ በሩን እየከፈቱለት፣ «በመመሪያህ መሠረት የማዳበሪያ ምዝገባቸው ከየታብሌቱ ተጠራርጎ ለጠፋባቸው ገበሬዎች ይህንኑ መሐላህን ድገምላቸው።»