ለፋሲካ እመጣለሁ

የከባድ መኪና ሹፌር የነበረው ወንድሟ ምንተስኖት በጅቡቲ መንገድ ላይ ተገልብጦ ከሞተ አምስት ወር ሆነው። ሐኪሙ የእናቷ ልብ ድንጋጤ እንደማይችል ስለነገራት መርዶውን አላሰማቻትም። ጓደኛው ዘሪሁን የሟቹን ድምፅ አስመስሎ በየቀኑ ከሰዓት ለእናቷ ይደውላል። ልጅቷም ያኔ መታጠቢያ ቤት ገብታ፣ ቧንቧውን ከፍታ ታለቅሳለች።

“አንተ ቀልማዳ፣ መቼ ነው የምትመጣው?” አለች እናቷ ዛሬም፣ ስልኩን በሁለት እጇ ይዛ።

“ለፋሲካ እመጣለሁ፣ እማዬ።”

“የየትኛው ዓመት ፋሲካ? እሱንም ንገረኝ እንጂ!” ብላ ሳቀች። ከዚያ ረጅም ምርቃት መረቀችው።

ወዲያው ዘሪሁን ለልጅቷ ደወለላት። “እህቴ፣ ከዚህ በላይ አልችልም። የሟች ምርቃት እየተቀበልኩ እንዴት ልተኛ?”

“በቃ፣ ነገ ማለዳ ጎረቤት ጠርቼ አረዳታለሁ” አለችው። ነገ እናቷንም ልታጣ ትችላለች።

ወደ ሳሎን ስትመለስ እናቷን ሻይ ነጭ ቀሚሷ ላይ ደፍታ አገኘቻት።

“ተይኝ፣ ራሴ እቀይራለሁ!”

“እማዬ፣ ያቃጥልሻል እኮ!” ብላ ቀሚሱን በግድ ገፈፈችላት።

ከነጩ ቀሚስ ስር ጥቁር ቀሚስ ለብሳለች። ከመታጠብ ብዛት ጥቁረቱ ወይቧል።

እናቷ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች።

“ዘሪሁንን፣ ነገም ለእማዬ ደውልላት በይው” አለች።