የግማሽ ቀን ፈቃድ

ፈጣኑ ባቡር አገሩን ካዳረሰ ወዲህ የዓመት ዕረፍት ቀርቷል፤ ቤተሰብ ለመጠየቅ የሚሰጠው የግማሽ ቀን ፈቃድ ብቻ ነው። ልጄ ኤልዳና ከመቀሌ አርባ ምንጭ ለመድረስ ሁለት ሰዓት አይፈጅባትም፤ ምሳ በልታ ትመለሳለች። አልጋዋ ላይ ያነጠፍኩት አንሶላ ከተገዛ ሦስት ዓመቱ ነው፤ የሱቅ እጥፋቱ እንኳ አልጠፋም።

ትናንት ምሳ እየበላን ስልኳ ጮኸ።

«እማ፣ ጎርፍ መስመሩን ዘግቶታል። እስከ ነገ ባቡር የለም» አለችኝ።

«ሰው ሞተ?»

«አልሞተም። አንቺ ደግሞ መርዶ ካልሰማሽ ምሳ አይበላልሽም» ብላ ሳቀች።

እጇን ታጥባ አልጋዋ ላይ ጋደም እንዳለች እንቅልፍ ወሰዳት። አጠገቧ ተቀምጬ ለእራት ምን እንደምሠራላት ሳስብ የስልኳ መስታወት በራ። መስመሩ ተከፍቷል፣ ባቡሩ ከግማሽ ሰዓት በኋላ ይነሳል ይላል።

ስልኩን ደፋሁት። ግን ባቡር እያለ የቀረ ሰው ከሥራ ይባረራል። ተባርራ፣ ደጅ ስትጠና፣ በእኔ ስትማረር ታየኝ። ትከሻዋን ነካ አደረግኋት፤ ስልኩንም ሰጠኋት።

«ብዙ ተኛሁ እንዴ እማ?»

«አዎ፣ ብዙ» አልኳት።

አሥር ደቂቃ እንኳ አልሞላትም ነበር።