ሦስቱ እንሰቶች

የአገሩ እንሰት ሁሉ ከአንዲት እናት ተክል ተባዝቶ ከተተከለ ሃያ ዓመት አልፎታል። ዘረመሉ አንድ ነው፤ ሌላ ዓይነት መትከል ክልክል ነው። ቆጮው እንኳ የትም ቤት ቢበላ ጣዕሙ አንድ ስለሆነ፣ የባለሙያን እጅ ቀምሶ መለየት ቀርቷል። ወይዘሮ ትርፍነሽ ግን አሻፈረኝ ብለው፣ ሲዳሩ እናታቸው ያሸከሟቸውን ሰባት ዓይነት እንሰት ከጓሯቸው አልነቀሉም።

ዘንድሮ የአጠውልግ በሽታ ገባና የአገሩን እንሰት በአንድ ክረምት ጨረሰው። አምና "ይንቀሉት!" ብላ ያፋጠጠቻቸው የግብርና ሠራተኛዋ ረድኤት ዛሬ አንገቷን ደፍታ መጣች።

ከሰባቱ አራቱ ጠውልገዋል፤ ሦስቱ ቆመዋል። ረድኤት መመርመሪያዋን አንድ በአንድ አስጠጋችባቸው።

"እማማ፣ ከሁሉም የሚበረታው ይሄኛው ነው። እሱን ብቻ ይስጡኝ፤ ለአገሩ ሁሉ እናባዛዋለን።"

ወይዘሮ ትርፍነሽ ከት ብለው ሳቁ።

"እሱን ብቻ? ሦስቱንም ካልወሰድሽ አንዱንም አልሰጥሽም።"

"ሁለቱ እኮ ደካሞች ናቸው።"

"ለዚህ በሽታ ነዋ! ለሚቀጥለው ማን እንደሚበረታ በምን አወቅሽ? ያን ጊዜ እኔ የለሁም፣ የኔ ልጅ። የማንን ደጅ ልትጠኚ ነው?"