በቅል የተቆጠረ ዓመት

የምነግራችሁ ሁሉ እውነት ነው። አንዲት ቃል ከዋሸሁ ነፍሴ እዚሁ ትውጣ! ሰማንያ ሦስት ዓመት አብራኝ የኖረች ነፍስ ናት፤ በዋዛ አላስይዛትም።

ነገሩ የተጀመረው ካቻምና ነው። ሮቢትና ቆቦ መካከል ባጃጅ የሚነዳው ሙሀመድሰይድ የነጅሙዲንን ልጅ ፈሪሀን ለማግባት ሽማግሌ ላከ። ከሽማግሌዎቹ አንዱ እኔ ረዲ ነኝ፤ የነጅሙዲን የአጥር ጎረቤትም ነኝ። ነጅሙዲን ሁለት ግመልና ስድስት ፍየል አለው። ከልጁ በቀር የሚሳሳለት ነገር የለም። ፈሪሀ የጤና ኮሌጅ ተማሪ ናት፤ ለመመረቅ አንድ ዓመት ከወር ይቀራት ነበር።

«ትምህርቱ ይቆይላት፤ ባጃጄ ለሁለት ይበቃል» አለ ሙሀመድሰይድ። ልጁ ክፉ አይደለም። ችኩል ነው።

ነጅሙዲን እንቢም እሺም አላለ። «ዓመት ይሙላና እሰጣለሁ» አለ።

ጠቡ የተነሣው እዚህ ላይ ነው። የማን ዓመት? ሙሀመድሰይድ በሂጅራ ይቆጠር አለ፤ አስራ አንድ ቀን ያጥራላ! ነጅሙዲን ከመስከረም እስከ መስከረም ባለው ልክ ነው አለ።

«አስራ አንድ ቀን ልጄን ልትሰርቀኝ ነው?»

«ኧረ አያ ነጅሙዲን! እርስዎ አይደሉ እንዴ ከኔ የሚሰርቁት?»

ሦስት ቀን ተጨቃጨቅን። በዚያ ሙቀት! ቆቦ ሲሞቅ እኮ ጥላም ጥላ ፍለጋ ይሄዳል።

በሦስተኛው ቀን ፈሪሀ ውሃ ይዛልን ገባች። «ከሁለታችሁም ያልሆነ ዓመት እኔ ዘንድ አለ» አለችና አንድ ደብተር አመጣች። ለካ ጀንበራት ስለምትባል የፈጠራ አገር ተረት ትጽፋለች። ጀንበራት ሁለት ፀሐይ አላት። ትንሿ ፀሐይ ትልቋን ዘጠኝ ጊዜ ስትዞር ዓመት ይሞላል፤ ዘጠኝ ወር፣ እያንዳንዱ ሠላሳ ቀን። ሳምንቱ ስድስት ቀን ነው።

«ሰባተኛው ወዴት ሄደ?» አልኳት።

«ሰኞን ተውኩት፣ አያ። ማን ይወደዋል?»

ሙሀመድሰይድ በጣቱ ደመረና ዘሎ ተነሣ። ሁለት መቶ ሰባ ቀን! ከሂጅራውም ያንሳል። «በጀንበራት ይሁን!» አለ። ነጅሙዲንም የልጁ ፈጠራ አኮራውና ተስማማ።

በጀንበራት ቀን የሚቆጠረው በቅል ነው። ማለዳ ማለዳ አንድ ፍሬ ይጣላል፤ ቅሉ ውስጥ የሌለ ቀን አልነጋም። ሕጉ ይኸው ነው።

«እንግዲህ ጠጠር እንጣልበት» አለ ነጅሙዲን።

«ጠጠር ቅሉን ይሰነጥቀዋል። ማሽላ ይሻላል» አለች ፈሪሀ።

አፈ ሰፊው ቅል የነጅሙዲን በረንዳ ላይ ተቀመጠ። ሙሀመድሰይድ በየማለዳው ባጃጁን በር ላይ ያቆማል፤ ከኪሱ አንዲት የማሽላ ፍሬ አውጥቶ ይጥላል፤ ይሄዳል። ዝናብም ቢሆን፣ የራያ አቧራ ባጃጁን አንሥቶ ጎብዬ ቢያደርሰው እንኳ ተመልሶ ይጥላል። ፈሪሀ በበሩ ስንጥቅ እያየችው ትስቃለች። አትጠላውም።

ዘጠኝ ወር ሞላ። ቅሉን ዘረገፍን። መቶ ዘጠና ፍሬ!

«ስልኬ ሁለት መቶ ሰባ ይላል!» አለ ሙሀመድሰይድ።

«ስልክህ ጀንበራት ሄዶ አያውቅም» አለ ነጅሙዲን።

ልጁ ጥርሱን ነክሶ ሰማንያ ቀን ጨመረ። ደግመን ዘረገፍን። ሃምሳ ፍሬ ይጎድላል።

አሁን ነገሩ ከረረ። ሙሀመድሰይድ የባጃጁን ቁልፍ ጨብጦ ቆመ። «አያ ነጅሙዲን፣ ቀኔን የት አደረሱት?»

«ወላሂ እጄ አልነካውም!»

«ታዲያ ማን ሊነካው ነው? ዓመት ለሚሰርቅ ሰው አማች አልሆንም። በቃ፣ ፈረሰ!»

ፈሪሀ በሩ ላይ ቆማለች። ፊቷ እንደ ዱቄት ነጥቷል። አባቷን አላየችም፤ ልጁንም አላየችም። እኔን ነው ያየችው።

ተነሣሁ። «ተቀመጥ፣ አንተ! ሰው አልሰረቀህም። አንዲት ገብስማ ዶሮ ናት። ማለዳ አንተ ዞር ስትል ቅሉ አፍ ላይ ቁብ ብላ ስትለቅም ስንት ጊዜ አይቻታለሁ። ከዋሸሁ ነፍሴ እዚሁ ትውጣ!»

«ዶሮ?» አለ ነጅሙዲን።

«ዶሮ! ትናንት ጭልፊት ባይወስዳት ኖሮ እዚሁ ለምስክርነት አቆማት ነበር።»

ሙሀመድሰይድ በሳቅ ፈነዳ። ዶሮ ላይ ማን ይቀየማል? የነጅሙዲንን ጉልበት ስሞ ይቅርታ ጠየቀ። ነጅሙዲንም ራሱን እየነቀነቀ መረቀው። ፈሪሀ ለቅሉ ክዳን ሰፋችለት፤ ከዚያ ወዲያ አንድም ፍሬ አልጎደለም።

በማግስቱ በወረቀት የተጠቀለለ የማሽላ ቆሎ አመጣችልኝ። «ይቅመሱ፣ አያ ረዲ» አለችና ዓይኗን ሰበረች። እፍኝ አትሞላም። በቀሩኝ ሦስት ጥርሶች ጨረስኳት።

ሁለት መቶ ሰባኛው ፍሬ የወደቀው ፈሪሀ በተመረቀች በሳምንቱ ነው። ሠርጉ ደመቀ፤ ግመሎቹ ሳይቀሩ ጨፈሩ። ዛሬ ፈሪሀ ነጭ ጋወን ለብሳ ሰው ታክማለች፤ ሙሀመድሰይድም በየማለዳው በባጃጁ ያደርሳታል። «ሚስቴ የተማረች ናት» ማለት ከጀመረ ወዲህ ተሳፋሪ ጆሮውን ደፍኖ ነው የሚገባለት።

ሁሉም እንደነገርኳችሁ ነው። አንዲት ትንሽ ነገር ብቻ ከራሴ ጨምሬያለሁ፤ በነጅሙዲን ግቢ ዶሮ ገብታ አታውቅም።