ማርስ በ1990

የቶሮንቶዋ አሳታሚ ከረቂቁ ላይ "1990" የሚለውን በእርሳስ ከበበችው። "ማርስ ላይ የሚያርፉት በዚህ ዓመት ነው? አሁን እኮ 1998 ነው። ወደፊት ይሆናል ያሉት ዘመን አልፏል።"

የደራሲውን ልቦለድ ወደ እንግሊዝኛ የመለሰችለት ልጁ ግንባሯን ያዘች። "ሶሪ ባባ! ዓመቱን ወደ ፈረንጅ መቀየር ረስቼ ነው።"

ደራሲው ቀለል አለው። በጻፋቸው ልቦለዶች ሁሉ ጠፈርተኛው የሚደርሰው የሚጠብቁት ሰዎች ካለቁ በኋላ ነበር፤ እሱ ግን ገና አልረፈደበትም። "ንገሪያት እንጂ! በእኛ አቆጣጠር እኮ..." ብሎ ድንገት አቋረጠ። ባለፈው ሳምንት ብሉር ጎዳና ላይ፣ የሐበሻ ምግብ ቤት ውስጥ፣ 1991 ገባ ተብሎ ሲጨፈር እሱም አጨብጭቧል።

"ምን ልበላት?" አለች ልጁ።

እርሳሱን ከጠረጴዛው አንስቶ ክቡን ደግሞ አደመቀው።

"ተዪው፤ በእኛም አልፏል።"