ማይኩ የበራበት
አዲሱ ሕግ ለሟች አይራራም፤ አርባው ሲወጣ የሟቹ ምስልና ድምፅ ከየቤቱ በራሱ ይጠፋል። የማይነካው በኮምፒውተር ጨዋታ ላይ የተቀዳ ቅጂን ብቻ ነው፤ የጨዋታ ድርጅቶቹ ንብረት ነዋ!

የልጃቸው የናሁሰናይ የአርባው ድንኳን በፈረሰ ማግስት፣ ሳሎን የተሰቀለው ፎቶው ነጭ ሆኖ አደረ። እትዬ የውብዳር ጓደኛውን አቤኔዘርን አስጠርተው ኮምፒውተሩ ፊት ተቀመጡ። አቤኔዘር ቁልፎቹን ሲነካ የናሁሰናይ የመኪና ውድድር ጨዋታ ተከፈተ፤ በላዩም ትንሽ መስኮት ተደረበ፤ ናሁሰናይ እየተጫወተ የቀዳው ሁሉ እዚያ ተደርድሯል።

«ድምፁን ብቻ አሰማኝ፣ የኔ ልጅ።»

አንዱን ከፈተላቸው። መኪና ይከንፋል፣ ጎማ ይጮኻል፤ ናሁሰናይ ግን የለም። ሌላውም፣ ሌላውም እንደዚያው።

«እትዬ፣ ማይኩን አጥፍቶ ነበር የሚቀዳው» አለ አቤኔዘር አንገቱን ደፍቶ። «የበራበት አንድ ብቻ ነው፤ የመጀመሪያው።»

«እሱን ክፈትልኝ።»

ነጠላቸውን ከጆሯቸው ገለጥ አድርገው ወደ ስፒከሩ ተጠጉ። መኪናው ገና ሳይነሳ፣ በቅጂው ውስጥ ከግድግዳው ወዲያ የገዛ ራሳቸው ድምፅ ጮኸ፦

«አንተ! ዛሬም ልትጮህ ነው? ጎረቤት ምን ይለናል? አፍህን ዝጋና ተጫወት!»

ጠቅ አለና ማይኩ ጠፋ።