መርዶ ለሟች አይነገርም

ሕጉ ሟችም ይምረጥ ካለ ወዲህ በደሴቲቱ ከሕያዋን መራጮች ሟቾቹ በልጠዋል። በጠቅላላ ምርጫው ዕለት ጠዋት ያለምዘውድ ሟቹ ባሏ የሚያስብባትንና የሚናገርባትን ትንሽ መሣሪያ በነጠላዋ ጫፍ ቋጥራ ከአልጋዋ ወረደች። ቤት የገባው የሐይቁ ውሃ ጉልበቷ ደረሰ።

«አያ ቢያድግልኝ፣ ዘንድሮ እንኳ ወደ የብስ እንሻገር የሚሉትን ምረጥልኝ» ብላ ለመነችው።

«ምን ነካሽ? መቃብሬን ለማን ትቼ?»

መቃብሩን ሐይቁ ከዋጠው ሁለተኛ ክረምቱ ነው። ግን በአገሩ ወግ መርዶ ለሟች አይነገርም፤ ጎረቤቱም ሁሉ ይህንኑ ከየራሱ ሟች ደብቆ ያስመርጣል። ያለምዘውድ በውሃው ውስጥ ወደ በሩ ተራመደች።

«ምንድን ነው የሚንቦጫረቀው?» አላት።

«ልብስ እያጠብሁ ነው።»

«በምርጫ ቀን? ተይው በቃ፤ የት እንሄዳለን ብለሽ ነው!»